ሕክምናውን የሚያስቆም ቁስል
የካንሰር ሕክምና በአፍ ላይ ስለሚያደርሰው ጉዳትና ስለ መከላከያው

(በማኅበሩ ዓመታዊ ስብሰባ ላይ የተደረገ ንግግር)




በዚህ ስብሰባ ላይ ንግግር እንዳደርግ ስጋበዝ፣ ብዙዎቻችሁ ስለ አንድ መሣሪያ አሠራር ወይም ስለ አንድ ግንባታ እናገራለሁ ብላችሁ ሳትጠብቁ አልቀራችሁም። የዛሬው ርእሴ ግን የሰው አፍ ነው። ይኸውም ለካንሰር በሚሰጠው የመድኃኒትና የጨረር ሕክምና ምክንያት በአፍ ውስጥ ስለሚወጣው ቁስልና ስለ ብግነቱ ለመናገር አስባለሁ። ሐኪም አይደለሁም፤ ስለዚህ መድኃኒት የማዘዝ ሥልጣኑን ለባለቤቶቹ እተዋለሁ። ሆኖም ከሕክምና መሣሪያዎች ጋር የሚውል መሐንዲስ ሊያስተውለው የሚገባ አንድ ነገር አለ።

የጨረር ማሽን ሲበላሽ ሁሉም ሰው ይንቀሳቀሳል። ስልክ ይደወላል፤ መለዋወጫ ይፈለጋል፤ ማሽኑ የቆመበት ሰዓት በመዝገብ ይሰፍራል፤ ኀላፊው ይጠየቃል። ማሽኑ በደኅና እየሠራ ሳለ ሕመምተኛው አፉ ቆስሎ መብላትና መዋጥ አቅቶት ከቀጠሮው ሲቀር ግን፣ በእኛ መዝገብ ላይ አንድም መሥመር አይጻፍም። ለሕመምተኛው ሁለቱም መቋረጦች አንድ ናቸው። የጠፋው ቀን በማሽን ምክንያት ጠፋ፣ በአፍ ምክንያት ጠፋ፣ ለዕጢው ልዩነት የለውም።

እንግዲህ ላስገነዝብ የምወደው ዋና ሐሳብ ይህ ነው፦ የአፍ ቁስለት ከሕክምናው ጎን የሚመጣ ትንሽ ችግር ተደርጎ ሊታይ አይገባውም። ሕክምናው ከፍጻሜ መድረስ አለመድረሱን ከሚወስኑት ነገሮች አንዱ ስለሆነ፣ ገና በዕቅዱ ወቅት ሊታሰብበት ይገባል። ደግነቱ፣ ከመከላከያዎቹ ብዙዎቹ ውድ አይደሉም፤ የሚጠይቁት በጊዜው መጀመርን ነው።

ሕመሙ ምንድን ነው?

ሐኪሞች ይህን ሕመም ሙኮሳይቲስ ብለው ይጠሩታል። የአፍን ውስጠኛ ክፍል የሚሸፍነው ስስ ልባስ ይቀላል፣ ያብጣል፣ ከዚያም ተልጦ ይቆስላል። ሕመምተኛው በመጀመሪያ ትኩስ ነገር አፉን ያቃጠለው ያህል ይሰማዋል። ቀጥሎም የጉንጩና የከንፈሩ ውስጥ፣ የምላሱ ጎንና ሥር፣ ለስላሳው ላንቃ ይቀላሉ፤ ነጭ ወይም ቢጫማ ሽፋን ያለው ቁስልም ይወጣባቸዋል። ምራቅ ይወፍራል፤ ጣዕም ይጠፋል፤ መናገር ያስቸግራል። ሲብስም የገዛ ምራቅን መዋጥ እንኳ ሥቃይ ይሆናል።

ዕለታዊ ምግቡ የኮመጠጠ እንጀራና በበርበሬ የተሠራ ወጥ ለሆነ ለአገራችን ሰው ይህ ሕመም ልዩ ክብደት አለው። ከቤተሰቡ ገበታ ይለየዋል። ሌላው በአንድ መሶብ ዙሪያ ሲጎራረስ እሱ ለብቻው አጥሚት ይዞ ጥግ ይቀመጣል። ሰውነቱ ብቻ ሳይሆን መንፈሱም የሚጎዳው በዚህ ነው።

የዓለም የጤና ድርጅት ሕመሙን ከ0 እስከ 4 በሚደርስ መለኪያ ይደለድለዋል። በ0 ደረጃ ምንም ምልክት የለም። በ1ኛው ደረጃ አፍ ይቀላል፣ ያማል፤ ቁስል ግን አልወጣም። በ2ኛው ቁስል አለ፤ ሆኖም ሕመምተኛው ጠጣር ምግብ መብላት ይችላል። በ3ኛው ከፈሳሽ በቀር ሌላ አይወርድለትም። በ4ኛው ደረጃ በአፍ መመገብ ፈጽሞ ስለማይቻል ምግቡ በቱቦ ወይም በደም ሥር ይሰጠዋል። ይህ መለኪያ ለመሐንዲስ የሚጥም ነው። የስንጥቁን ርዝመት ከመለካት አልፎ፣ ድልድዩ ጭነቱን ይሸከማል ወይ ብሎ እንደመጠየቅ፣ አፉ ሥራውን ይሠራል ወይ ብሎ ይጠይቃልና።

ስፋቱን በተመለከተ፣ የተለመደውን የካንሰር መድኃኒት ከሚወስዱት መካከል ከመቶ ከ20 እስከ 40 የሚሆኑት ሕመሙ ያገኛቸዋል። መቅኔ ከመተካቱ በፊት ከፍተኛ መጠን ያለው መድኃኒት ከሚሰጣቸው ውስጥ ቁጥሩ ወደ 80 ከመቶ ይደርሳል። በጭንቅላትና በአንገት አካባቢ ጨረር የሚሰጣቸው ደግሞ ሁሉም ማለት ይቻላል በአንዱ ወይም በሌላው ደረጃ ያዩታል።

ነገሩም አዲስ አይደለም። እ.ኤ.አ. በ1948 ዶክተር ሲድኒ ፋርበር በቦስተን ከተማ የደም ካንሰር የያዛቸውን ሕፃናት አሚኖፕተሪን በተባለ መድኃኒት ማከሙን ሲያስታውቅ፣ ለዘመናዊው የመድኃኒት ሕክምና በር የከፈተው ያ ጽሑፍ ራሱ የአፍ ቁስለትን ከመድኃኒቱ ጉዳቶች መካከል ጠቅሶት ነበር። እንግዲህ ተስፋውና ቁስሉ የተወለዱት በአንድ ጊዜ ነው።

ጉዳቱ እንዴት ይደርሳል?

ለረጅም ጊዜ ይታመንበት የነበረው አስተያየት ቀላል ነበር። ጨረርም ሆነ መድኃኒት በፍጥነት የሚባዙትን ሕዋሳት ይገድላል። የአፍ ልባስ ደግሞ ከ7 እስከ 14 ቀን ባለው ጊዜ ውስጥ ሙሉ በሙሉ የሚታደስ ስለሆነ፣ አሮጌው ሕዋስ ሲረግፍ ተተኪ ያጣል፤ ልባሱም እየሳሳ ሄዶ ይቀደዳል። ይህ እውነት ነው፤ ግን የእውነቱ ግማሽ ነው።

አሜሪካዊው ዶክተር ስቲቨን ሶኒስ እ.ኤ.አ. በ1998፣ በኋላም በተሻሻለ መልክ በ2004 ያቀረበው ማብራሪያ ነገሩን አሰፋው። በእርሱ ማብራሪያ መሠረት ጉዳቱ በአምስት ደረጃ የሚያልፍ ሲሆን፣ ከልባሱ በታች ያለው ሕብረ ሕዋስና ጥቃቅኖቹ የደም ሥሮችም ከመጀመሪያው ይነካሉ። በ1ኛው ደረጃ ጨረሩ ወይም መድኃኒቱ እንደደረሰ በሕዋሳቱ ውስጥ ጎጂ የሆኑ የኦክሲጅን ውላጆች ይፈጠራሉ፤ የዘር መመሪያውም ይቆራረጣል። በ2ኛው ደረጃ የተጎዱት ሕዋሳት የአደጋ ምልክት የሚያስተላልፉ ፕሮቲኖችን ይቀሰቅሳሉ። በ3ኛው ደረጃ እነዚህ ፕሮቲኖች መልሰው ራሱን ምልክቱን ያጎሉታል። ማይክሮፎን ወደ ድምፅ ማጉያው ሲጠጋ የሚሰማውን ጩኸት የምታውቁ የኤሌክትሪክ መሐንዲሶች ይህ ነገር ወዴት እንደሚያመራ አይጠፋችሁም። በ4ኛው ደረጃ ልባሱ ይቀደዳል፤ በአፍ ውስጥ የሚኖሩት ባክቴሪያዎች በተከፈተው በር ይገባሉ፤ ብግነቱንም ያባብሱታል። 5ኛው ደረጃ መዳን ነው፤ ጉዳት ያደረሰው ነገር ሲቆም ልባሱ ከዳር ወደ መሐል እየተሸፈነ ይድናል።

ከዚህ ማብራሪያ የሚወጣው ትምህርት በጣም ጠቃሚ ነው። የተሰነጠቀ ልስን ያየ ግንበኛ ልስኑን ብቻ ቢያድስ ስንጥቁ ተመልሶ ይመጣል፤ መሠረቱን ማየት ነበረበት። በአፍም ላይ ቁስሉ ለዓይን በሚታይበት ጊዜ ከአምስቱ ደረጃዎች ሦስቱ አልፈዋል። ስለሆነም መከላከያውን ቁስሉ ከታየ በኋላ መጀመር ማለት ጎርፉ ከገባ በኋላ ቦይ እንደመቆፈር ነው።

መቼ ይመጣል?

የዚህ ሕመም አንዱ ጠባይ ቀጠሮውን አክባሪ መሆኑ ነው፤ ይህም ለሚያቅድ ሰው መልካም ዕድል ነው። በመድኃኒት ሕክምና ጊዜ ሕመሙ ብዙውን ጊዜ መድኃኒቱ ከተሰጠ ከ5ኛው ቀን በኋላ ይጀምራል፤ ከ7ኛው እስከ 14ኛው ቀን ባለው ጊዜ ይጠነክራል፤ በ2 ወይም በ3 ሳምንት ውስጥ ይድናል። አሳሳቢው ነገር፣ ይህ ጊዜ የነጭ የደም ሕዋሳት ቁጥር ዝቅ ከሚልበት ጊዜ ጋር መገጣጠሙ ነው። ቅጥሩ በፈረሰበት ሰዓት ዘበኛውም የለም ማለት ነው። ባክቴሪያው ከቁስሉ ወደ ደም ቢገባ ሕይወትን የሚያሳጣ ኢንፌክሽን ሊከተል ይችላል። ስለዚህም መድኃኒት እየወሰደ ያለ ሰው ሙቀቱ 38 ዲግሪና ከዚያ በላይ ከደረሰ እስኪነጋ መጠበቅ የለበትም፤ በዚያው ሰዓት ወደ ሆስፒታል መሄድ አለበት።

የጨረሩ ሁኔታ ከዚህ ይለያል። ለጭንቅላትና ለአንገት ካንሰር የተለመደው ዕቅድ 70 ግሬይ ሲሆን፣ በቀን 2 ግሬይ፣ በሳምንት 5 ቀን፣ በ35 ቀጠሮ በ7 ሳምንት ይጠናቀቃል። የተጠራቀመው መጠን ወደ 20 ግሬይ ሲጠጋ፣ ማለትም በ2ኛው ሳምንት መጨረሻ ገደማ፣ አፍ መቅላት ይጀምራል። በ3ኛው ሳምንት ቁስል ይወጣል። ከ5ኛው ሳምንት ጀምሮ ሕመሙ ከፍተኛ ደረጃ ላይ ይደርሳል፤ ሕክምናው ካለቀም በኋላ ለብዙ ሳምንታት ሊቆይ ይችላል። መድኃኒትና ጨረር በአንድነት ሲሰጡ ደግሞ ሁሉም ይጠነክራል።

የጠፋ ቀን ዋጋው ስንት ነው?

አሁን ወደ ሂሳቡ እንምጣ። እ.ኤ.አ. በ1988 ዶክተር ሮድኒ ዊዘርስና ባልደረቦቹ ባሳተሙት የታወቀ ጥናት፣ የጭንቅላትና የአንገት ዕጢ ሕክምና ከተጀመረ ከ4 ሳምንት ገደማ በኋላ ከጨረሩ የተረፉት የካንሰር ሕዋሳት ከበፊቱ በፈጠነ ሁኔታ መባዛት እንደሚጀምሩ አመለከቱ። ይህን መባዛት ለማካካስ ብቻ በቀን ወደ 0.6 ግሬይ ያስፈልጋል ብለው ገመቱ። እንግዲህ ከዕለቱ 2 ግሬይ ውስጥ ሦስት አሥረኛ የሚሆነው የሚውለው ዕጢው ባለበት እንዲቆም ለማድረግ ነው። ጨረር በማይሰጥበት ቀን ግን ዕጢው ያለ ከልካይ ያድጋል።

በኋላ የተደረጉ ግምገማዎች ሕክምናው ከታቀደው ጊዜ በላይ በተራዘመ ቁጥር፣ ዕጢውን በቦታው የመቆጣጠሩ ዕድል በአንድ ቀን በአማካይ በ1.4 ከመቶ ገደማ እንደሚቀንስ ያመለክታሉ። ሂሳቡን በ7 ቀን ብናበዛው ወደ 10 ከመቶ ይጠጋል። ከመቶ ሰዎች አሥሩ ማለት ነው። የአንድ ሳምንት ዕረፍት፣ አፉ እስኪሽር ትንሽ ይረፍ ተብሎ በርኅራኄ የተሰጠ ዕረፍት፣ ይህን ያህል ዋጋ ሊያስከፍል ይችላል። በመጨረሻ የጨረሩን መጠን ጨምሮ ማካካስም ሁልጊዜ አይቻልም፤ ጤነኛው አካል የሚሸከመው መጠን ወሰን አለውና። የቁስሉ ጊዜ ደግሞ የሚጠነክረው ዕጢው መፍጠን በሚጀምርበት በዚያው ወቅት መሆኑን ልብ በሉ። ሕመምተኛው ለማቋረጥ በሚፈተንበት ሳምንት ማቋረጥ ከሁሉ ይልቅ ይጎዳዋል።

በኮባልት ማሽን የሠራችሁ አንድ ነገር ታውቃላችሁ። የኮባልት 60 ኀይል በ5.27 ዓመት በግማሽ ስለሚቀንስ፣ በየወሩ 1 ከመቶ ያህል እየደከመ ይሄዳል። እኛም በየወሩ ሠንጠረዡን እያረምን፣ ለእያንዳንዱ ሕመምተኛ የሚሰጠውን ጊዜ እናስተካክላለን። በወር 1 ከመቶ እንዳያመልጠን ይህን ያህል ከተጠነቀቅን፣ በቀን 1.4 ከመቶ የሚወስደውን የአፍ ቁስል እንዴት ቸል እንላለን?

በአገራችን የጨረር ሕክምና እ.ኤ.አ. በ1997 በአዲስ አበባ በጥቁር አንበሳ ሆስፒታል በኮባልት ማሽን ተጀምሮ፣ ከሃያ ዓመታት በላይ ያ ማዕከል ብቸኛው ሆኖ ኖሯል። ከሩቅ ገጠር ለሕክምና የሚመጣ ሰው ለሰባት ሳምንታት በዘመድ ቤት ወይም በኪራይ ክፍል ማደር ግድ ይሆንበታል። አፉ ሲቆስልና አቅሙ ሲደክም፣ ወደ አገሬ ልመለስና ትንሽ ላገግም ይላል። እንዲህ ብሎ የሄደ ሰው በቀጠሮው መመለሱ አጠራጣሪ ነው። ሥቃይን ችሎ ዝም ማለት በእኛ ዘንድ እንደ ጨዋነት ስለሚቆጠርም፣ ሐኪሙ እንዴት ነህ ሲለው እግዚአብሔር ይመስገን ደኅና ነኝ ብሎ ያልፋል። በሽታውን የደበቀ መድኃኒት አይገኝለትም የተባለው ግን ለዚህ ነው። አፍን ከፍቶ ማየት፣ ትናንት ምን በላህ ብሎ መጠየቅ፣ ከደኅና ነኝ የበለጠ ይናገራል።

ሕክምናው ከመጀመሩ በፊት

መጀመሪያ የጥርስ ሐኪም ይታይ። የተበላሸ ጥርስ፣ የታመመ ድድ፣ ስለታም የጥርስ ጠርዝ በቅድሚያ መታከም አለባቸው። መነቀል ያለበት ጥርስ ካለ፣ ድዱ እንዲሽር ጨረሩ ከመጀመሩ ቢያንስ 2 ሳምንት ቀደም ብሎ ቢነቀል ይመረጣል። ብዙ ጨረር ካረፈበት መንጋጋ ላይ በኋላ ጥርስ መንቀል የአጥንት መሞትን ሊያስከትል ይችላል።

ቀጥሎ የእኛን ሙያ የሚመለከት ነገር አለ። ጨረር ከብረት በተሠራ የጥርስ ሙሌት ወይም ሽፋን ላይ ሲያርፍ ኤሌክትሮኖች ወደ ኋላ ይበተናሉ፤ ብረቱን የነካው ጉንጭና ምላስም ከታቀደለት በላይ ይቀበላል። የእነዚህ ኤሌክትሮኖች ጉዞ ግን አጭር ነው። በጥርሱና በጉንጩ መካከል 3 ሚሊ ሜትር ያህል ውፍረት ያለው ፕላስቲክ ወይም ሰም ቢገባ አብዛኛውን ያስቀረዋል። ምላስን ወደ ታች የሚይዝ ወይም ላንቃን ከጨረሩ የሚያርቅ የአፍ መያዣም በተመሳሳይ መንገድ ይሠራል። የጨረሩን ጥንካሬ በየአቅጣጫው መቅረጽ የሚችሉት አዳዲስ ማሽኖች ደግሞ ጤነኛውን አካል በእጅጉ ይጠብቃሉ። እ.ኤ.አ. በ2011 በታተመ አንድ የእንግሊዝ ጥናት በዚህ ዘዴ የምራቅ ዕጢዎች ሲጠበቁ፣ ከአንድ ዓመት በኋላ በመካከለኛ ወይም በብርቱ የአፍ ድርቀት የተያዙት ሕሙማን ቁጥር ከ74 ከመቶ ወደ 38 ከመቶ ዝቅ ብሏል። ምራቅ ያለው አፍ ራሱን ይከላከላል።

በሕክምናው ጊዜ

የዕለት ተዕለቱ ሥራ ቀላል ነው፤ ግን በየቀኑ መሠራት አለበት። በአንድ ሊትር ተፈልቶ በቀዘቀዘ ውኃ ውስጥ አንድ የሻይ ማንኪያ ጨውና አንድ የሻይ ማንኪያ ሶዳ ተበጥብጦ በየአራት ሰዓቱ አፍን መጉመጥመጥና መትፋት ይገባል። ይህ ውኃ ቁስሉን ለብቻው ያድናል አይባልም፤ ነገር ግን አፍን ያጸዳል፣ ያረጥባል፣ የወፈረውን ምራቅ ያቀልላል። ለጥርስ ማጽጃ በጣም ለስላሳ ብሩሽ ይመረጣል፤ ጠንካራ መፋቂያ ግን የቆሰለውን ድድ ይጎዳል። አረቄ በአፍ መያዝ ለጥርስ ሕመም ይበጃል የሚለው የቆየ ልማድ እዚህ ላይ አደገኛ ነው፤ አልኮል የቆሰለውን ልባስ ያቃጥላል፣ ያደርቃል። ትምባሆም መቆም አለበት።

በምግብ ረገድ በርበሬና ሚጥሚጣ፣ ሎሚ፣ ትኩስና ሻካራ ነገር ይቆዩ። አጥሚት፣ ለዘብ ያለ ገንፎ፣ በወተት የላላ ምግብ፣ በደንብ የበሰለ እንቁላል፣ አልጫ ሽሮ በቀጭኑ ተሠርቶ ለብ ሲል ጥሩ ናቸው። ክብደትን በየሳምንቱ መመዘን አስፈላጊ ነው፤ ይህ ደግሞ የአመጋገብ ጉዳይ ብቻ አይደለም። የጭንቅላትና የአንገት ጨረር የሚሰጠው ሕመምተኛው እንዳይንቀሳቀስ በፊቱ ልክ በተሠራ የፕላስቲክ ጭምብል ተይዞ ነው። ሰውዬው ሲከሳ ጭምብሉ ይሰፋል፤ ጭምብሉ ሲሰፋ ጨረሩ ከታቀደለት ቦታ ይዛነፋል። እንግዲህ መብላት አለመቻል በሚሊ ሜትር የሚለካ የምሕንድስና ስሕተት ሆኖ ይመጣል ማለት ነው።

ሕመሙ ሲጠነክር የሕመም ማስታገሻ ሊነፈግ አይገባም። ሞርፊን ሱስ ያስይዛል በሚል ፍርሃት ብቻ መከልከሉ ትክክል አይደለም። በሐኪም ትእዛዝና ክትትል ሲሰጥ ሰውየው እንዲበላ፣ እንዲተኛ፣ በማግሥቱም ለቀጠሮው እንዲደርስ ያደርገዋል።

በረዶ፣ ብርሃንና ማር

ከመከላከያዎቹ ሁሉ የሚያስደንቀው በረዶ ነው። ፍሉሮዩራሲል የተባለው መድኃኒት በአንድ ጊዜ በደም ሥር ሲሰጥ በደም ውስጥ ያለው መጠን ከ10 እስከ 20 ደቂቃ ባለው ጊዜ በግማሽ ይቀንሳል። ስለዚህ ሕመምተኛው መድኃኒቱ ከመሰጠቱ 5 ደቂቃ ቀደም ብሎ ጀምሮ ለ30 ደቂቃ የበረዶ ቁርጥራጭ በአፉ ቢይዝ፣ የአፉ ደም ሥሮች ይጠብባሉ፤ መድኃኒቱ በደም ውስጥ በብዛት ባለበት ሰዓት ወደ አፍ የሚደርሰው ያንሳል። ይህ እ.ኤ.አ. በ1991 በታተመ የአሜሪካ ጥናት ተፈትኖ ውጤት ያስገኘ ሲሆን፣ ከፍተኛ መጠን ላለው ሜልፋላንም ይመከራል። መድኃኒቱ ለቀናት ሳይቋረጥ በሚንጠባጠብበት ጊዜ ግን በረዶ አይበጅም። ኦክሳሊፕላቲን ለሚወስዱም ብርድ ጉሮሮን ስለሚያውክ መተው አለበት። ከሁሉ በላይ በረዶው ከንጹሕ ውኃ የተሠራ ይሁን፤ ነጭ የደም ሕዋሳቱ ያነሱበት ሰው ከመንገድ ዳር በረዶ ተቅማጥ ሊያተርፍ ይችላል።

ሁለተኛው ብርሃን ነው። ከ630 እስከ 660 ናኖ ሜትር አካባቢ የሞገድ ርዝመት ያለው ዝቅተኛ ኀይል ያለው ቀይ ሌዘር፣ በሕክምናው ቀናት በአፍ ውስጥ በተወሰነ መጠን ሲበራ ቁስሉን እንደሚከላከል ተረጋግጧል። በካንሰር ድጋፍ ሕክምና ላይ የሚሠራው ዓለም አቀፍ ማኅበር እ.ኤ.አ. በ2020 ባደሰው መመሪያ፣ መቅኔ ለሚተካላቸውና ለጭንቅላትና ለአንገት ጨረር ሕሙማን ይመክረዋል። ይህ መሣሪያ ግን ኀይሉ ካልተለካ ዋጋ የለውም። ካነሰ አይሠራም፤ ከበዛም ጥቅሙ ይጠፋል። የሚለካው ሰው ደግሞ መሐንዲስ ነው።

ሦስተኛው ማር ነው። ያው መመሪያ ለጭንቅላትና ለአንገት ጨረር ሕሙማን ማርን እንደ መከላከያ በሐሳብ ደረጃ አቅርቦታል። ንብ ማነብ የጥንት ሙያዋ ለሆነች አገር ይህ ደስ የሚያሰኝ ዜና ነው። ሆኖም ማር ስኳር ስለሆነ ለጥርስ ጠንቅ ነው፤ የስኳር በሽታ ላለበትም አይሆንም። ስለዚህ በሐኪም ምክር ይሁን።

የማይበጀውን ማወቅም ጥቅም አለው። ክሎርሄክሲዲን የተባለው የአፍ ማጠቢያ ድድን ለማከም ቢያገለግልም፣ ለጭንቅላትና ለአንገት ጨረር ሕሙማን ይህን ቁስል ለመከላከል አይመከርም። ፓሊፈርሚን የተባለው መድኃኒት እ.ኤ.አ. በ2004 በአሜሪካ ተፈቅዶ መቅኔ ለሚተካላቸው አንዳንድ ሕሙማን ቢያገለግልም ዋጋው እጅግ ውድ ነው። በብዙ ገንዘብ የሚገዛው ከመድረሱ በፊት በጨው፣ በሶዳና በበረዶ የሚሠራውን መሥራት ይቻላል።

የእኛ ድርሻ

ጓደኞቼ ሆይ፤ እስካሁን የተናገርሁትን ከእኛ ሥራ ጋር ላያይዘውና ላብቃ። ከመካከላችን ሆስፒታል የሚነድፉ፣ የሚገነቡ፣ መሣሪያ የሚተክሉና የሚጠግኑ አሉ። ለእነዚህ አራት ነገሮችን አቀርባለሁ።

አንደኛ፣ የካንሰር መድኃኒትና ጨረር የሚሰጥባቸው ክፍሎች ሲነደፉ በመጠባበቂያው ቦታ የተጣራ ውኃ ያለው መጉመጥመጫ ገንዳ ይኑር። የደከመ ሰው ቁጭ ብሎ የሚደርስበት ይሁን። ለአንድ ገንዳ የሚወጣው ወጪ ከግንባታው ዋጋ አንጻር ከቁጥር የሚገባ አይደለም።

ሁለተኛ፣ መድኃኒት በሚሰጥበት ክፍል በረዶ የሚሠራ ማቀዝቀዣ ይቀመጥ፤ መብራት ሲጠፋ ከሚሠራው የመጠባበቂያ ጄኔሬተር መሥመር ጋር ይያያዝ። የበረዶ ማቀዝቀዣ በሕክምና ዕቃ ዝርዝር ውስጥ ሲገባ አንዳንዱ ፈገግ ይል ይሆናል። ለምን እንደሚያገለግል የሰማ ግን ፈገግታውን ይተዋል።

ሦስተኛ፣ የአፍ መያዣ፣ የጥርስ መለያ ፕላስቲክና ልክ የሆነ ጭምብል የሚሠራበት አነስተኛ የሥራ ቦታ ከጨረር ክፍሉ አጠገብ ይዘጋጅ። ይህ በአገር ውስጥ በሚገኝ ዕቃና ጥበብ ሊሠራ የሚችል ነው።

አራተኛ፣ መዝገባችን ይሻሻል። የጨረር ክፍል የጠፉ ቀናትን ሲመዘግብ ምክንያቱን አብሮ ይጻፍ፦ ማሽን፣ መብራት፣ በዓል፣ የአፍ ቁስለት፣ የጉዞ ችግር። ያልተለካ ነገር አይታረምም። በዓመቱ መጨረሻ መዝገቡ ሲከፈት፣ በአፍ ቁስለት የጠፉት ቀናት በማሽን ብልሽት ከጠፉት ጋር ጎን ለጎን ተቆጥረው ይታያሉ፤ ገንዘብና ሰውም ወዴት መመደብ እንዳለበት ያን ጊዜ ግልጽ ይሆናል።

እኛ መሐንዲሶች ማሽኑ በአግባቡ ከሠራ ግዳጃችንን የተወጣን ይመስለናል። ጨረሩ በትክክል ወጥቷል፤ መጠኑ ተለክቷል፤ መብራቱ አልጠፋም። የሕክምናው መጨረሻ ግን ማሽኑ ዘንድ የለም። 35ኛውን ቀጠሮ ፈጽሞ በእግሩ ከክፍሉ የሚወጣው ሰው ዘንድ ነው። ከ20ኛው ቀጠሮ በኋላ አፉ ቆስሎ የቀረ ሰው ካለ፣ የቀሩት 15 ቀጠሮዎች ማሽኑ የቱን ያህል ደኅና ቢሆን አልተሰጡም።

ስለዚህ ይህ ስብሰባ ከላይ ያቀረብኋቸውን አራት ነጥቦች እንዲመለከታቸውና ከሐኪሞችና ከነርሶች ማኅበራት ጋር በመነጋገር ወደ ሥራ የሚተረጎሙበትን መንገድ እንዲፈልግ በትሕትና እጠይቃለሁ።